ማጣሪያዎቹ ሳይመሽ፦ የኮምፒውተር ክበብ የ2017 ዓ.ም. ዘገባ

የኮምፒውተር ክበባችን በ2017 ዓ.ም. የሠራው አንድ ጨዋታ ነው። ከዓመቱ ጊዜ አብዛኛውን የወሰደው ደግሞ በጨዋታው ውስጥ ያለች አንዲት የጎን ተልእኮ፣ ማለትም ከዋናው ታሪክ ውጭ ያለች ሥራ ናት። ጨዋታው ውኃና መብራት ከጠፋ ከብዙ ዘመን በኋላ ያለችውን ጎንደር ያሳያል። ተጫዋቹ በፍርስራሽ መካከል እየተዘዋወረ ነፍሱን ለማቆየት ይታገላል። በቅዳሜ ገበያ አንዲት ነጋዴ ተቀምጣለች። ሁለት ቀላል መልእክት ያደረሰላትን ሰው ካመነችው ከባዱን ሥራ ትሰጠዋለች፦ ከቀሃ ወንዝ ማዶ ካለው የፓምፕ ቤት 3 የውኃ ማጣሪያና 1 የጎማ ቀለበት አምጥቶ፣ በዚያው ቀን ሱቋን ሳትዘጋ ማስረከብ።

ዋናው ታሪክ ቶሎ ነው ያለቀው። ይህችን ሥራ ግን ክበቡ ደጋግሞ አፍርሶ ሠራት። ምክንያቱም ጊዜ፣ ክብደት፣ ጥይት፣ ንግግርና የጨዋታ ማስቀመጫ ሁሉም የሚገናኙት እዚህ ነው፤ አንዱ ከተዛባ ሌላውን ይዞ ይወድቃል።

ተኩስ ያለበት ጨዋታ በትምህርት ቤት መሠራቱ ተገቢ ነው ወይ የሚል ጥያቄ ከወላጆችም ከመምህራንም ተነሥቶ ነበር፤ መነሣቱም ተገቢ ነው። ክበቡ ሰው በሰው ላይ የሚተኩስበት አንድም ቦታ እንዳይኖር በመጀመሪያው ስብሰባ ወስኗል። ጠላቶቹ ጅቦች ናቸው። ውሳኔው ጨዋታውን አላደከመውም፤ እንዲያውም አሻሽሎታል። ጅብ በመንጋ ይሄዳል፣ የሥጋ ሽታ ይስበዋል፣ በነጠብጣብ ጅቦች ዘንድ ደግሞ ሴቷ ከወንዱ ገዝፋ መንጋውን ትመራለች። ሦስቱም በቀጥታ ወደ ጨዋታ ሕግ ተለውጠዋል።

የነጋዴዋ የሥራ ሰዓት ሐሳብ የመጣው ሰቨን ዴይስ ቱ ዳይ ከተባለው የታወቀ ጨዋታ ነው። እ.ኤ.አ. በዲሴምበር 2013 ገና ሳያልቅ ለገበያ ቀርቦ፣ 1.0 የተባለው ቅጂው በጁላይ 2024 ወጥቷል። በዚያ ጨዋታ ነጋዴዎች ጠዋት 12 ሰዓት ከፍተው ማታ 4 ሰዓት ይዘጋሉ፤ በየሰባተኛው ሌሊትም ትልቅ ወረራ ይመጣል። ጨዋታው ለአዋቂዎች ስለሆነ ተማሪዎቻችን አልተጫወቱትም፤ የተወሰደው የአሠራር ሕጉ ብቻ ነው። የሚዘጋ ሱቅ ከማንኛውም አውሬ በላይ ተጫዋቹን ያስጨንቀዋል። የእኛዋም ነጋዴ በ12 ትከፍታለች፣ በ4 ትዘጋለች።

አሁን ወደ ስሌቱ። አንድ ጅብ 60 የሕይወት ነጥብ አለው፤ አንድ ጥይት 25 ይቀንሳል፤ ስለዚህ ለአንድ ጅብ 3 ጥይት ያስፈልጋል። መንጋው 6 ነው፣ ድምሩ 18 ጥይት። የተጫዋቹ ኪስ ግን ከ12 በላይ አይቀበልም። ይህ ሆን ተብሎ የተደረገ ነው፦ እየተኮሰ ለመጨረስ የሚሞክር ሰው አራተኛው ጅብ ላይ ባዶ እጁን ይቀራል። በዚያ ላይ እያንዳንዱ ተኩስ በ60 ሜትር ዙሪያ ያለውን ሁሉ ይጠራል።

ሥራውን በደንብ የሚጨርሰው ከመነሣቱ በፊት የሚያሰላ ነው። በጨዋታው 1 ሰዓት ማለት በእኛ 1 ደቂቃ ነው። ተጫዋቹ በሰዓት 1 ሊትር ይጠጣል፤ ከገበያው እስከ ፓምፕ ቤቱ 4 ሰዓት፣ እዚያ 3 ሰዓት፣ መመለሻው 4 ሰዓት ነው (ካርታው እውነተኛውን ርቀት አይከተልም)። የሚያስፈልገው ውኃ 11 ሊትር ብቻ ነው። ብዙ ሰው ግን 20 ሊትር ሙሉ ጀሪካን ይዞ ይነሣል፤ የሚወድቀውም በዚህ ነው። የሸክም ወሰኑ 20 ኪሎ ሲሆን፣ ከዚያ በላይ ያለው እያንዳንዱ ኪሎ ፍጥነትን በ10 በመቶ ይቀንሳል። ጀሪካኑና ሽጉጡ አንድ ላይ 2 ኪሎ፣ እያንዳንዱ ማጣሪያ 4 ኪሎ ነው። 11 ሊትር የያዘ ሰው ከፓምፕ ቤቱ ሲወጣ 4 ሊትር ይቀረዋል፦ 4፣ 12 እና 2፣ ድምሩ 18 ኪሎ፤ በሙሉ ፍጥነት ይሄዳል። 20 ሊትር የያዘው ግን 13 ያህል ሊትር ስለሚተርፈው 27 ኪሎ ተሸክሞ ይንፏቀቃል፤ የመጀመሪያውን ሰዓት በሲሶ ፍጥነት እንኳ አይሄድም። ጠዋት 1 ሰዓት የተነሣው የመጀመሪያው ተጫዋች ከምሽቱ 12 ሰዓት ገበያ ይደርሳል። ሁለተኛው ማታ 3 ሰዓት ገደማ ነው የሚደርሰው። ጅቦቹ የሚወጡት 12 ሰዓት ተኩል ላይ ነው።

ፓምፕ ቤቱ ውስጥ ቅደም ተከተሉ እውነተኛውን የቧንቧ ሥራ ይከተላል። መጀመሪያ የመግቢያው መዝጊያ ይዘጋል፤ ቀጥሎ የማፍሰሻው ተከፍቶ የግፊት መለኪያው ዜሮ እስኪደርስ ይጠበቃል፤ ከዚያ በኋላ ብቻ የማጣሪያው ቤት በመፍቻ ይፈታል። የጎማ ቀለበቱ በእንጨት ቁራጭ ይወጣል እንጂ በብረት አይነካም፤ ብረት ይቆርጠዋል፣ የተቆረጠ ቀለበት ደግሞ ነጋዴዋ አትቀበልም። መጠበቁ የሰለቸው ግፊት እያለ ከፈታው ክዳኑ ይፈናጠራል፤ ድምፁ በቀን ተኝቶ የነበረውን መንጋ ይቀሰቅሳል። ለእያንዳንዱ ማጣሪያ 1 ሰዓት የተሰጠው በዚህ ምክንያት ነው።

ለዘገየ ሰው ሁለት ማምለጫ አለ። ጠዋት ከነጋዴዋ በ2 አሞሌ የተገዛ 1 ኪሎ ሥጋ መንጋውን ለ1 ሰዓት ይይዘዋል። ሥጋ ከሌለ ደግሞ ከሁሉ ግዙፏንና ከኋላ የምትሄደውን መሪ መለየት ነው። እሷ በአንድ ጥይት ከተመታች መንጋው ለግማሽ ሰዓት ያፈገፍጋል። ፊት ለፊት የመጣውን መተኮስ ጥይት ማባከን ነው።

መገበያያው አሞሌ የሆነው ያለ ምክንያት አይደለም። ከአፋር ዝቅተኛ ቦታ እየተቆረጠ የሚመጣው የጨው አሞሌ በደጋው አገር ለዘመናት ገንዘብ ሆኖ አገልግሏል፤ ጎንደርም የሲራራ ነጋዴ መናኸሪያ ነበረች። ነጋዴዋ ለሥራው 9 አሞሌ ብላ ትጀምራለች። አንዴ ጨምሪ ሲሏት 12፣ ሁለተኛ 15 ትላለች። ሦስተኛ ከጠየቋት «እንግዲያውስ ይቅር፤ ነገ እንነጋገራለን» ብላ ሥራውን ትነሣለች፤ ቀኑም ይባክናል። ይህን ክፍል የጻፉት ተማሪዎች ገበያ ወርደው ሲከራከሩ የሰሙትን ይዘው ነው፤ በጨዋታው ውስጥ ከሁሉ የሚያምረው ንግግርም ይህ ነው። ንግግሩ ሁሉ ለወንድና ለሴት ተጫዋች በሁለት ዓምድ በሠንጠረዥ ተቀምጧል።

ስሕተቶቹን በዝርዝር መጻፍ ያስፈለገው፣ ተመሳሳይ ሥራ ለሚጀምር ሌላ ክበብ ከውጤቱ ይልቅ እነሱ ስለሚጠቅሙ ነው። የተሠራበት ሶፍትዌር ጎዶት 4 ነው፤ ነፃ ነው፣ መጫን ሳያስፈልገው ከፍላሽ ላይ ይሠራል።

በመጀመሪያው ሙከራ አንድ ጅብ ሲሞት ስድስቱም አብረው ሞቱ። የሕይወት ነጥቡ የተቀመጠበትን ሪሶርስ (የመረጃ ፋይል) ጎዶት አንዴ ብቻ ጭኖ ለሁሉም ያጋራዋል፤ ለእያንዳንዱ ጅብ የራሱ ቅጂ እንዲሠራለት ማዘዝ ያስፈልጋል። ሌላው፣ ፓምፕ ቤቱ ውስጥ 4 ማጣሪያ ስለነበረ አራቱንም ያመጣ ተጫዋች ሥራው አልተጠናቀቀም ተባለ፤ ኮዱ የሚጠይቀው «3 ከሆነ» ብሎ ነበር፣ መጠየቅ የነበረበት «3 ወይም ከዚያ በላይ ከሆነ» ብሎ ነው። የከፋው ደግሞ ተጫዋቹ ማጣሪያዎቹን ለራሷ ለነጋዴዋ እንደ ተራ ዕቃ መሸጥ መቻሉ ነው። ሸጦ ከጨረሰ ሥራውን የሚያስጨርስበት መንገድ የለም። አሁን የተልእኮ ዕቃ ሁሉ «የማይሸጥ» የሚል ምልክት አለው።

ለማግኘት ከሁሉ የከበደው የማስቀመጫው ስሕተት ነው። ጨዋታው ተቀምጦ እንደገና ሲከፈት ነጋዴዋ ዝም ትል ነበር። የተልእኮው ደረጃ በቁጥር፣ ለምሳሌ 3 ተብሎ፣ ጄሰን በተባለ፣ መረጃን በጽሑፍ በሚይዝ ፋይል ይጻፋል። ጎዶት ጄሰን ሲያነብ ግን ቁጥርን ሁሉ ባለ ነጥብ አድርጎ፣ 3.0 ብሎ ይመልሳል። ንግግሩን የሚመርጠው ማች የተባለው አመሳካሪ ትእዛዝ የቁጥሩን ዓይነት ጭምር ስለሚያይ 3ን ከ3.0 ጋር አያገናኝም፤ ስለዚህ ከአንዱም ሳይገጥም ያልፋል። ካነበቡ በኋላ ወደ ሙሉ ቁጥር መቀየር ብቻ ነው መፍትሔው፤ አንዲት መስመር።

ሰዓቱም ሁለት ጊዜ አስቸግሯል። መጀመሪያ ጊዜ የተቆጠረው በስክሪን ምስል ብዛት ስለነበር፣ በሴኮንድ 60 ምስል የሚያሳየው ኮምፒውተር ላይ 1 ደቂቃ የሆነው ሰዓት፣ 30 በሚያሳየው አሮጌ ኮምፒውተር ላይ 2 ደቂቃ ይፈጅ ነበር። በሁለቱ ምስሎች መካከል ያለፈውን እውነተኛ ጊዜ መደመር ችግሩን አስወገደው። ቀጥሎ በእኛ አቆጣጠር ማሳየት ነበረ፦ ከእኩለ ሌሊት በተቆጠረው ሰዓት ላይ 6 ደምሮ፣ ለ12 አካፍሎ ቀሪውን መውሰድ፤ ቀሪው 0 ሲሆን 12 ብሎ መጻፍ። 22 ሲሆን 28 ይመጣል፣ ቀሪው 4፤ ማታ 4 ሰዓት።

አሮጌ የስክሪን ካርድ ያላቸው ኮምፒውተሮች ጨዋታውን የከፈቱት ፕሮጀክቱ ሲፈጠር ኮምፓቲቢሊቲ የሚባለው አሣሣል ሲመረጥ ነው። ፊደላችን ሳጥን ሳጥን ሆኖ እንዳይታይም ኖቶ ሳንስ ኢትዮፒክ የተባለው ነፃ ፎንት በፕሮጀክቱ ፎልደር ውስጥ ገብቷል፤ በተጠቃሚው ኮምፒውተር ላይ ይገኛል ብሎ መተማመን አያዋጣም። መብራት በጠፋ ቁጥር ሥራ እንዳይጠፋ እያንዳንዱ ቡድን ከመውጣቱ በፊት ሙሉ ፎልደሩን ቀኑን በስሙ ላይ ጽፎ በሁለት ፍላሽ ይገለብጣል። በአሮጌው ፎልደር ላይ መጻፍ ክልክል ነው።

ለ2018 ዓ.ም. የቀረው ሥራ ድምፅ ነው። የጅቦቹ ድምፅ አሁን ከየት እንደሚመጣ አይለይም፤ መሪዋን በጨለማ በድምፅ መለየት እንዲቻል ለእያንዳንዱ ጅብ አቅጣጫ ያለው የድምፅ ምንጭ መስጠት ያስፈልጋል። ለዚህ ሥራ ክበቡ የሚያስፈልገው አንድ ማይክሮፎንና ሁለት የጆሮ ማዳመጫ ነው። ከ9ኛ ክፍል መመዝገብ የሚፈልጉ ተማሪዎችን ኮድ ባያውቁም ክበቡ ይቀበላል፤ የንግግር ጸሐፊና ስሕተት ፈላጊ በጣም ያስፈልጋል።