አጫጭር ድራማዎቻችን የሚደክሙት ከስክሪፕቱ ነው

ለዝግጅት ክፍሉ፦

በጎንደር የሚሠሩ አጫጭር የፍቅር ድራማዎች በቤተሰብ ጫና የሚፈተኑ ጥንዶችን እንደሚደጋግሙ ያወጣችሁት ጽሑፍ ልክ ነው፤ ድክመቱን ከበጀት ጋር ማያያዙ ግን አያሳምንም።

አንድ ገጽ ስክሪፕት በግምት አንድ ደቂቃ ይወስዳል። በ15 ገጽ ውስጥ የአባት ቁጣ፣ ሀብታም ተፎካካሪ፣ የውጭ አገር ቪዛና የጎረቤት ሐሜት ሲታጨቁ ጥንዶቹ ራሳቸው የሚነጋገሩበት ጊዜ ያጣሉ። ጫናው በአንድ ሰው አንደበት መጥቶ አንድ ውሳኔ ቢጠይቅ ይበቃል። ቡናው ራሱ መዋቅር ይሰጣል፦ በአቦል አክስት የሌላ ሰው ስም ታነሣለች፣ በቶና እናት ዝም ትላለች፣ በበረካ ልጅቷ መልስ ትጠየቃለች። ለዚህ አንድ ክፍል፣ ሦስት ተዋናዮችና አንድ ረከቦት በቂ ናቸው። የፋሲል ግንብ ከጀርባ መታየቱ ለዓይን ያምራል እንጂ ጫና አይፈጥርም።

ሌላው ድምፅ ነው። የካሜራው ማይክሮፎን ከተዋናይዋ ሦስት ሜትር ርቆ ሲቀዳ ሹክሹክታውን የክፍሉ ማስተጋባት ይውጠዋል፤ ጎሃ ተራራ ላይ ደግሞ ነፋሱ። ያንን ለመሸፈን ሙዚቃ ይደፋበታል፣ ዝምታውም አብሮ ይጠፋል። ማይክሮፎኑን ከምስሉ ክልል ሳይገባ እስከ ግማሽ ሜትር ማስጠጋት፣ ከቀረጻው በኋላም በቅንብር ጊዜ በንግግሮች መካከል ያለውን ክፍተት ለመሙላት ማንም ሳይንቀሳቀስ የክፍሉን ድምፅ 30 ሰከንድ መቅዳት ብዙ ወጪ የለውም።

ጋዜጣችሁ ከከተማዋ የፊልም ባለሙያዎች ጋር ሆኖ፣ ቀረጻ ከመጀመሩ በፊት በየወሩ ሦስት ስክሪፕቶች በተዋናዮች ጮክ ተብለው የሚነበቡበት መድረክ ቢያዘጋጅ ይበጃል። ንባቡ ከ15 ደቂቃ ካለፈ ስክሪፕቱ ለእርማት ይመለስ።

አንባቢ፣ ከጎንደር