ነሐሴ 24 ሳይደርስ፦ ለአዳራሻችን ጣሪያ የቀረበ የድጋፍ ጥሪ

በስመ አብ ወወልድ ወመንፈስ ቅዱስ አሐዱ አምላክ፤ አሜን።

በኮሎምበስ ኦሃዮና በአካባቢዋ ለምትኖሩ የአጥቢያችን ምእመናን፣ እንዲሁም ወደ ሌላ ግዛት ሄዳችሁ ለማትረሱን ሁሉ፤

በዚህ ዓመት ስንጽፍላችሁ ይህ ሦስተኛው ደብዳቤ ነው። መሰልቸታችሁን እናውቃለን፤ እኛም መለመኑ ደክሞናል። ይሁን እንጂ ከወጥ ቤቱ በላይ ያለው ጣሪያ በበረዶ ክብደት ከወረደ ወዲህ የሰንበት ትምህርት ቤቱ ልጆች በአንድ ጥግ ተጣበው ይማራሉ፤ የክርስትናውም የተዝካሩም ድግስ በየሰው ጋራዥ ሆኗል። የከተማው ተቆጣጣሪ በአዳራሹ በር ላይ የለጠፈው የመዝጊያ ወረቀት እስካሁን እንዳለ ነው። መድን የገባንበት ድርጅት ደግሞ «ጣሪያው ቀድሞውኑ ያረጀ ነበር» ብሎ አልከፍልም ብሏል። ይግባኝ ብለናል፤ እስኪወሰን ግን ዝናቡ አይጠብቀንም።

እንደምታውቁት ከአሥራትና ከስለት ቀጥሎ የጣሪያው ገንዘብ የሚመጣው ከኳሱ፣ ማለትም ከአሜሪካ ፉትቦል ነው። የኦሃዮ ስቴት ዩኒቨርሲቲ ቡድን በሜዳው በተጫወተ ቁጥር ከ100,000 በላይ ሰው ወደዚያ የፈረስ ጫማ ወደሚመስለው ስታዲየም ይጎርፋል፤ በቂ መኪና ማቆሚያ ደግሞ የለም። እኛ ግቢ አለን፤ መኪና እያስከፈልን እናስቆምበታለን፣ ሻይና ሳምቡሳም እንሸጣለን። (በእጅ ታቅፈውት የሚሮጡትን ኳስ ለምን እግር ኳስ እንደሚሉት ለካህናቱ ማስረዳት ግን እስከ ዛሬ አልተሳካልንም።)

ያለፈው ወቅት ነሐሴ 25 ቀን 2016 ዓ.ም. ከአክረን ዩኒቨርሲቲ ቡድን ጋር ሲጀመር 31 መኪና ብቻ ነው የገባው። አይዮዋ፣ ነብራስካና ኢንዲያና ሲመጡ ግቢው ሞላ። ከወጣቶቹ በቀር ማንም ያልገመተውን አንድ ነገር የተማርነውም ያን ጊዜ ነው፦ ቡድኑ ሲያሸንፍ ደጋፊው ከጨዋታ ሲመለስ ሁለተኛ ሻይ ይገዛል፣ የምስር ሳምቡሳ ለልጆቹ ያስጠቀልላል፣ መልሱንም ሳጥኑ ውስጥ ይጥላል። ሲሸነፍ መኪናውን አስነሥቶ ይሄዳል።

የሚሺጋን ጨዋታ የዋለው ኅዳር 21፣ በጽዮን ማርያም ዕለት ነበር። «በበዓል ቀን መኪና ትቆጥራላችሁን?» ብላችሁ የተቆጣችሁን አባቶችና እናቶች ቁጣችሁን እንቀበላለን። ቅዳሴው እስኪያልቅ ድረስ አንድም መኪና አላስገባንም፤ በማለዳ የመጡት ሁሉ ወደ ጎረቤት ሄደዋል። ከዚያ በኋላ ግቢው ሞላ፤ ጨዋታው ግን 13 ለ10 በሽንፈት አለቀ። ከሚሺጋን ጋር ሲሸነፉ ይህ በተከታታይ አራተኛቸው ነበር። ሜዳው ላይ በባንዲራ ምክንያት ጠብ ተነሥቶ ፖሊስ ዓይን የሚያቃጥል ፈሳሽ ረጨ። ወደ እኛ የተመለሱት ሰዎች አንድ ቃል አልተነፈሱም። አንድ ትልቅ ማሰሮ ሻይ ቀዝቅዞ ተደፋ።

በቀድሞው ሕግ ለዋንጫው የሚቀርቡት አራት ቡድኖች ስለነበሩ የእኛም ገቢ እዚያው ላይ ባበቃ ነበር። ባለፈው ወቅት ግን ቁጥሩ 12 በመሆኑ ታኅሣሥ 12 ማታ ቴነሲን በሜዳቸው አስተናገዱ፤ እኛም ዘጠነኛ ቀን አገኘን። ብርዱን የነበራችሁ ታውቁታላችሁ። አንዲት እናታችን ብርቱካናማውን አንጸባራቂ ሰደርያ በጋቢያቸው ላይ ደርበው፣ ባትሪ ይዘው በሩ ላይ ቆመው ነበር። ብርቱካናማ ለካ የቴነሲ መለያ ነው! እንግዶቹ የራሳቸው ደጋፊ መስለዋቸው እየተሰለፉ ፎቶ አብረዋቸው ተነሡ፤ የከተማችን ሰዎች ደግሞ «ማማ፣ ከዳሽን» እያሉ ሣቁባቸው። ቡድናችን 42 ለ17 አሸነፈ። ጥር 12፣ በቃና ዘገሊላ ማታ፣ ኖትር ዳምን 34 ለ23 ረትቶ ዋንጫውን ሲወስድ እኛ የበረዶ ውኃ በባልዲ እንቀዳ ነበር።

ወደ ሒሳቡ እንመለስ። ከዘጠኙ ቀናት 15,965 ዶላር ገብቷል። ለፈቃድ፣ ለዕለት መድንና ለዕቃ 2,110 ወጥቶ 13,855 ለጣሪያው ተቀምጧል። ቀድሞ ከሰበሰባችሁት 41,200 ጋር 55,055 ይሆናል። ሥራ ተቋራጩ የጠየቀው 86,000 ነው። የጎደለው 30,945 ዶላር ነው።

«ለግቢው ጠጠርና ለውኃ መውረጃው የወጣው ገንዘብ ጣሪያውን አይሠራም ነበር?» የሚለው ጥያቄ በየስብሰባው ይነሣል። አይሠራም ነበር። ግቢው ጭቃ ሳለ ዝናብ በጣለ ቀን 15 መኪና እንኳ አናስገባም ነበር፤ አንድ ጊዜ የእንግዳ መኪና ጎማው ተውጦ ዲያቆናቱ ከነቀሚሳቸው ገፍተው አውጥተዋል። ደረሰኞቹ በሙሉ በጽሕፈት ቤቱ አሉ፤ መጥታችሁ ተመልከቱ።

ከቴነሲ የመጣ የማናውቀው ሰው ለመኪናው 40 ዶላር ከፍሎ ሲያበቃ 20 ዶላር ሳጥኑ ውስጥ ጨምሯል። በአባልነት ከተመዘገቡት ቤተሰቦች ግን ከግማሽ የሚበልጡት ለጣሪያው እስካሁን ምንም አልሰጡም። ይህን የምንለው ለወቀሳ አይደለም። እውነቱን ለመናገር፣ ትንሽ ለወቀሳም ነው። ነቢዩ ሐጌ እናንተ ባማሩ ቤቶቻችሁ ተቀምጣችሁ የእግዚአብሔር ቤት ፈርሶ ይቅርን ብሎ የጠየቀው እኛንም ይመለከታል።

ቀጣዩ ወቅት ነሐሴ 24 ቀን 2017 ዓ.ም. ከቀኑ 6 ሰዓት ከቴክሳስ ጋር ይከፈታል። አዳራሹ እንደተዘጋ ከሆነ ወጥ ቤት የለም፣ ሻይ የለም፣ ሳምቡሳም የለም። ሥራ ተቋራጩ ሰባት ሳምንት ይፈልጋል፤ ስለዚህ ገንዘቡ እስከ ሰኔ 20 መሟላት አለበት።

በዜል (ከባንክ ወደ ባንክ ገንዘብ መላኪያ) የምትልኩ ለወርሐዊ መዋጮ የምትጠቀሙበትን የደብሩን አድራሻ ተጠቀሙ፤ ማስታወሻው ላይ «ለጣሪያ» ብላችሁ ጻፉ። ቼክ የሚጻፈው በደብሩ ስም ብቻ ነው፤ በኮሚቴ አባል ስም እንዳይሆን። ጥሬ ገንዘብ ያለ ደረሰኝ ለማንም አትስጡ፣ ለእኛም ቢሆን። አሁንም እንደግመዋለን፦ «ለጣሪያ» የሚለው ካልተጻፈ ገንዘቡ ወደ ወርሐዊው ሒሳብ ይገባል፤ ለማዛወር ደግሞ የሰበካ ጉባኤው ስብሰባ ያስፈልጋል።

የቴክሳስም መለያ ብርቱካናማ መሆኑን ወጣቶቹ ነግረውናል። ስድስት ቢጫ ሰደርያ በ54 ዶላር ገዝተናል፤ ደረሰኙ ተያይዟል።

የሕንፃ ኮሚቴው