ዳማን አትምቺው

ውድ ልጄ፣ እንደምን ሰነበትሽ? እኛ እግዚአብሔር ይመስገን ደህና ነን። ፍኖተ ሰላም ላይ ዝናቡ ሌት ተቀን አላባራ ብሏል፤ ባሕር ዳርም እንዲሁ ነው ብለሽኛል።

ትናንት በስልክ «ቡችላዬ ዳማ አጎዛዬ ላይ ሸናብኝ፤ አፍንጫውን ሽንቱ ላይ አሽቼ ገረፍኩት» ስትዪኝ ዝም አልኩ። ሌሊቱን ግን እሱን ሳስብ አደርኩ።

ልጅ ሳለሁ ቡችላ ነበረኝ። አባቴ ውሻ ቤት አይገባም ባይ ነበሩ፤ ለክረምቱ ብቻ ብዬ በልመና አስገባሁት። መደቡ ሥር በሸና ቁጥር በአርጩሜ እገርፈው ነበር። መሽናቱን አልተወም፤ የተወው እኔ እያየሁት መሽናትን ነው። ከጎታው ጀርባ እየተደበቀ ይሸና ጀመር። ደጅ ባወጣውም ዓይኔን ፈርቶ ይቋጥረዋል፤ ገብቶ ይለቀዋል። ኮቴዬን ሲሰማ ጆሮውን ጥሎ መሸሹ እስከ ዛሬ ከፊቴ አልጠፋም። ጥፋቱ የእኔ ነበር።

ዳማ ገና 2 ወሩ ነው። በዚህ ዕድሜው ቀን ቀን ከ2 ወይም ከ3 ሰዓት በላይ ሽንቱን መያዝ አይሆንለትም። ስለዚህ ሰዓቱን አንቺ ጠብቂለት። ከእንቅልፉ እንደነቃ፣ በልቶ እንደጨረሰ፣ ሲጫወት ቆይቶ እንዳረፈ ወዲያው ይዘሽው ውጪ። ወለሉን እያሸተተ መዞር ከጀመረም አትዘግዪ። ሁልጊዜ ወደ አንድ ጥግ ውሰጂው፤ የቀድሞ ሽታው ያስታውሰዋል። እንደሸና እዚያው «ጎበዝ» ብለሽ ቁራሽ ነገር ስጪው። ቤት ከገባችሁ በኋላ ብትሰጪው ለምን እንደተሸለመ አይገባውም። ከሌሊቱ 8 ሰዓት ገደማም አንድ ጊዜ ተነሺለት፤ እናትሽ ለአንቺ ስንቱን ሌሊት ተነሥታለች።

ዝናቡ እንደሚያስቸግርሽ አውቃለሁ። በር ከፍተሽ ብቻውን ብታስወጪው ደጃፉ ላይ እየተንቀጠቀጠ ቆሞ፣ ተመልሶ ገብቶ ይሸናል። ጃንጥላሽን ይዘሽ እስኪጨርስ አብረሽው ቁሚ።

ካመለጠውና ከደረቀ በኋላ ካገኘሽው ምንም አትበዪው፤ ቁጣሽን ከቅድሙ ሽንት ጋር አያገናኘውም። ሲሸና ከደረስሽበት ሳትጮኺ አንሥተሽ ወደ ጥጉ ውሰጂው። ሽንቱ ላይ በረኪና አታፍስሺ፤ ሁለቱ ሲገናኙ የሚያፍን ትነት ይወጣል። በሳሙና አጥበሽ አቼቶ በውኃ በጥብጠሽ ወልውዪበት፤ ሽታው ከቀረ ተመልሶ እዚያው ይሸናል።

3 ወር ሲሞላው የእብድ ውሻ በሽታ ክትባት አስከትቢው፤ የእንስሳት ሐኪሙን ሌሎቹን ክትባቶችም ጠይቂው። እስከዚያ ከግቢ አታስወጪው፤ የመንገድ ውሾች በሽታ ያስይዙታል።

እናትሽ ስለ አጎዛው አልተቆጣችም። ቡችላ ለስላሳ ነገር ላይ መሽናት ይወዳልና እስኪለምድ ጠቅልለሽ ከፍ አድርገሽ ስቀዪው። ለመስቀል ስመጣ ሌላ ይዤልሽ እመጣለሁ።

አባትሽ