በጥቅምት ከጅረቱ ድንጋይ አናንሳ

ይድረስ ለጋዜጣው ዝግጅት ክፍል፤

በዋሽንግተንና በአካባቢዋ የምንኖር ኢትዮጵያውያን በየዓመቱ ጥቅምት ሲገባ የቅጠሉን መቅላት ለማየት በቨርጂኒያ ተራሮች ላይ ወዳለው ሸናንዶዋ ብሔራዊ ፓርክ እንወጣለን። ባለፈው ዓመት ከቤተሰብ ጋር ከአንዲት ጠባብ ጅረት ዳር ምሳ ዘርግተን ሳለ ልጆቻችን ጫማቸውን አውልቀው ውሃው ውስጥ ገቡና ድንጋይ እየለቀሙ ግድብ መሥራት ያዙ። እኔ በእነዚያ ጅረቶች ዳር ለዓመታት የተመላለስኩ ሰው በመሆኔ ፈጥኜ ጠርቼ አወጣኋቸው። ከዳር ሆነን ያሳየኋቸውን ለአንባቢዎቻችሁም ማካፈል እወዳለሁ።

የጅረቱ ወለል በረገፈ ቅጠልና በደለል ጠቁሮ ሳለ፣ አንድ ቦታ ላይ ብቻ የሰፌድ ያህል ስፋት ያለው ጠጠር ታጥቦ እንደተሰጣ እህል ነጥቶ ይታይ ነበር። ይህ ብሩክ ትራውት የሚባለው ዓሣ ጎጆ ነው። ሴቷ ከሥር ቀዝቃዛ ምንጭ የሚወጣበትን ቦታ መርጣ ጠጠሩን በጅራቷ እየመታች ትቆፍራለች፤ እንቁላሏን ጥላ ወንዱ ዘሩን ካፈሰሰበት በኋላም መልሳ በጠጠር ትሸፍነዋለች። እንቁላሉ የብርዱን ወራት ሙሉ እዚያው ተቀብሮ ስለሚቆይ ጫጩቶቹ ከጠጠሩ ወጥተው መዋኘት የሚጀምሩት ብርዱ ሲለቅ ነው። በእነዚህ ወራት አንድ እግር ቢረግጠው ይፈርጣል፤ ከላይ የተነሳ ደለል ቢያርፍበትም አየር አጥሮት ይሞታል።

ዓሣው ራሱ በእኛ ተራራ ብዙውን ጊዜ ከስንዝር ብዙም አይበልጥም። ስሙ ትራውት ይባል እንጂ ወገኑ ቻር ከሚባሉት የትራውት ዘመድ ዓሦች ነው፤ ነጠብጣቡ በጠቆረ ገላ ላይ ፈክቶ የሚታየውም ለዚህ ነው። በጎኑ ላይ ሰማያዊ ክብ የከበባቸው ቀያይ ነጥቦች፣ በጀርባው ላይ ትል የሄደበት የሚመስል መስመር አለው፤ የታች ክንፎቹ ጠርዝም እንደ ነጠላ ጥለት በነጭ የተዘመዘመ ነው። እንዲህ ያለ ውበት በዚያች ቀጭን ውሃ ውስጥ መኖሩ ሁልጊዜ ይደንቀኛል።

ከትራውቶች መካከል የቨርጂኒያ አገር በቀል ዓሣ ይህ ብቻ ነው። የትውልድ ክልሉ በካናዳ ካሉት ላብራዶርና ሀድሰን ወሽመጥ ጀምሮ በታላላቅ ሐይቆች በኩል፣ በአፓላችያ ተራሮች ላይ ወርዶ እስከ ሰሜን ጆርጂያ ይደርሳል። እ.ኤ.አ. በ1883 ከጀርመን የመጣው ብራውን ትራውትና ከምዕራብ አሜሪካ የተወሰደው ሬይንቦ ትራውት ሰፊዎቹን ወንዞች ሲይዙበት፣ ደኑ ሲመነጠርና ውሃው ሲሞቅ ወደ ተራራው አናት እየሸሸ ሄዷል። ከ20 ዲግሪ ሴንቲግሬድ በላይ የሞቀ ውሃ ያስጨንቀዋል፤ ወደ 25 ሲጠጋ ይገድለዋል። ጅረቶቹን ያጠሉ የነበሩት የሄምሎክ ዛፎች ከእስያ በመጣ ጥቃቅን ነፍሳት በብዛት መድረቃቸውም ጉዳቱን አባብሶታል።

በዚህ ላይ ለአሥርተ ዓመታት ከከሰል ማመንጫዎች ጭስ የመነጨው አሲዳማ ዝናብ ተጨምሯል። በፓርኩ ውስጥ ባዛልት በሚባል የእሳተ ገሞራ ዐለት ላይ የሚፈሱት ጅረቶች አሲዱን የሚያበርድ ማዕድን ከዐለቱ ስለሚያገኙ በአብዛኛው ተርፈዋል፤ በአሸዋ ድንጋይና ኳርትዛይት በሚባል ዐለት ላይ የሚፈሱት ግን እጅግ ተጎድተዋል። እ.ኤ.አ. በ1990 የተሻሻለው የአየር ንጽህና ሕግ ጭሱን ቢቀንሰውም አፈሩ የጠጣው አሲድ ቶሎ አይለቅም። የዐለቱንና የዝናቡን ነገር እኔና እናንተ ልናስተካክለው አንችልም፤ የእግራችንን ግን እንችላለን።

ስለዚህ ወገኖቼን የምለምነው፣ በጥቅምትና በኅዳር ልጆቻችን ዓሣውን ከዳር ቆመው እንዲያዩ እንጂ ጅረቱ ውስጥ እንዳይገቡ፣ መሻገር ግድ ቢሆን በድልድይ ወይም ከውሃው በላይ ባሉት ትልልቅ ድንጋዮች ላይ እንድንረግጥ ነው። ድንጋይ መከመሩም ይቅር፤ ዓሣው የሚመገባቸው የነፍሳት እጮች የሚኖሩት በእነዚያው ድንጋዮች ሥር ነውና። ጋዜጣችሁ የመጪውን ጥቅምት የጉብኝት ማስታወቂያዎች ሲያወጣ ይህችን ማሳሰቢያ ከጎናቸው ቢያትምልን ምስጋናዬ ከፍ ያለ ነው።

አንድ የዘወትር አንባቢያችሁ
ከአሌክሳንድሪያ፣ ቨርጂኒያ