ሳታሳየኝ አትፈርም

ይድረስ ለልጄ፣

ለጤናህ እንደምን አለህ? እኔ ፈጣሪ ይመስገን ደህና ነኝ፤ ጉልበቴ ብቻ ዝናብ ሊመጣ ሲል ቀድሞ ይነግረኛል። የምጽፍልህ ግን ስለ ጉልበቴ አይደለም። ለመሥሪያ ቤት ጓደኛህ የብድር ዋስ ልትሆን መሆኑን እህትህ ነገረችኝ፤ የውሉንም ፎቶ በስልኳ አሳየችኝ። አትቆጣት፤ ያስጨነቅኋት እኔ ነኝ።

አንድ እጀታ በቀረው መነጽሬ ሁለት ጊዜ አነበብኩት። አንተ አንብበኸዋል? «ዋሱ ከተበዳሪው ጋር በአንድነትና በነጠላ ኃላፊ ነው» ይላል። አንተ የምትፈርመው «እሱ ቢያቅተው እደርስለታለሁ» ብለህ ነው፤ ወረቀቱ ግን እንደዚያ አይልም። እንዲህ ብሎ የፈረመን ዋስ አበዳሪው ተበዳሪውን ሳይጠይቅ፣ መያዣም ካለ ሳይሸጥ፣ በቀጥታ ሊከሰው ይችላል። የ1952ቱ የፍትሐ ብሔር ሕግ አንቀጽ 1933 ነው። ተራ ዋስ ብትሆን «መጀመሪያ የእሱን ንብረት ፈልጉ» ማለት ትችል ነበር፤ እሱንም ገና እንደተከሰስህ ካነሣኸው ነው። ስለዚህ ሳታሳየኝ አትፈርም።

ሕግ ከየት አወቅሽ ትለኝ ይሆናል። በደመወዜ ነው የተማርኩት።

አጎትህ፣ ትከሻው ላይ እያስቀመጠ ያዞርህ የነበረው፣ በ1991 ዓ.ም. ወፍጮ ለመትከል 6,000 ብር ተበደረ። የፈረምኩለት በዕረፍት ሰዓት፣ የመምህራን ክፍል ውስጥ ቆሜ ነው። ጣቴ ላይ ጠመኔ ስለነበር ከፊርማዬ አጠገብ ነጭ አሻራ ቀረ፤ እሱ በእጅጌው ጠረገው። አላነበብኩትም። ለአባትህም አልነገርኩትም። ወፍጮው ስምንት ወር ሠርቶ ቆመ። ከዚያ በየወሩ 200 ብር ከደመወዜ ይቆረጥ ጀመር፤ ወለዱና የክርክሩ ወጪ ተጨምሮ 34 ወር ፈጀ። አባትህ ነገሩን የሰማው ከገንዘብ ያዡ ነው። ለሦስት ቀን አላናገረኝም። አንተ በእነዚያ ዓመታት ለምን የወንድምህን ጫማ ታደርግ እንደነበር አሁን ይገባሃል።

ሕጉ ከፍሎ የጨረሰ ዋስ ገንዘቡን ከተበዳሪው እንዲጠይቅ ይፈቅዳል። እኔ ግን የእናቴን ልጅ የት ወስጄ ልክሰሰው? መንገድ ላይ ከሩቅ ሲያየኝ ይታጠፍ ነበር። እኔም አይቼ እንዳላየሁ አልፈው ነበር። ሲሞት 11 ወር ይቀረኝ ነበር። ይህን በደንብ የማስታውሰው ለቅሶው ላይ ስለቆጠርኩት ነው። ሰው ለወንድሟ አንገቷን ደፍታለች ሲል፣ እኔ ነጠላዬ ውስጥ በጣቴ ወር እቆጥር ነበር። ለማንም ነግሬው አላውቅም፤ ለአንተም ልነግርህ አላሰብኩም ነበር።

ወደ ወረቀትህ ልመለስ። የገንዘቡ መጠን የሚጻፍበት ቦታ ለምን ባዶ ሆነ? የዋስትናው ጣሪያ ካልተገለጸ ውሉ እንደማይጸና አንቀጽ 1922 ይናገራል። በዚህ ግን አትመካ። አንተ ፈርመህ ከወጣህ በኋላ ባዶው ቢሞላ «ስፈርም ምንም አልነበረበትም» እያልክ ምስክር ፍለጋ ልትዞር ነው።

ጓደኛህ ክፉ ነው አላልኩም። ወንድሜም ክፉ አልነበረም። ጓደኛህ በእርግጥ ከተቸገረ፣ ባይመለስልህ የማያስቀይምህን ያህል ከኪስህ አውጥተህ ስጠው። ዋስ መሆኑ ግድ ነው ካልክ ደግሞ «በአንድነትና በነጠላ» የሚለው ይውጣ፤ ጣሪያው በአኃዝም በፊደልም ይጻፍ፤ የውሉን ቅጂ ሳትቀበል ከዚያ ቢሮ አትውጣ። አይሆንም ካሉህ «እናቴ ከለከለችኝ» በላቸው። በእኔ ይሳቁ፤ ምንም አልሆንም።

ለባለቤትህ ደግሞ ዛሬውኑ ንገራት። ከሌላ ሰው እንዳትሰማ። ሳታሳየኝ አትፈርም አልኩህ፤ እሷ ሳታውቅም አትፈርም።

እሑድ ስትመጣ ወረቀቱን ይዘኸው ና፤ አብረን እናነበዋለን። የመነጽሬን እጀታ ማስጠገንህንም አትርሳ፤ እህትህ ትሰጥሃለች።

እናትህ