የአንዱ ጠመንጃ አካል፣ የሌላው ሆድ

ታኅሣሥ 8 ቀን 2017 ዓ.ም.

ለጥበቃ አገልግሎት ድርጅቱ ዋና ሥራ አስኪያጅ
አዲስ አበባ

ጉዳዩ፦ በስህተት ስለተገጣጠመው ጠመንጃ እና በዚያ ምክንያት ስለተቀጡት የሌሊት ጥበቃችን

ጤና ይስጥልኝ። እኔ በቱሉ ዲምቱ ኮንዶሚኒየም የነዋሪዎች ኮሚቴ አባል ነኝ። ከእናንተ ጋር ውል ከገባን አምስተኛ ዓመታችንን ይዘናል። እስከ ዛሬ ጥበቃ ቀረ፣ ተረኛ ዘገየ ብለን ስልክ ደውለን ይሆናል እንጂ ደብዳቤ ጽፈን አናውቅም። አሁን የምጽፈው ግቢያችን ውስጥ ሰው ሊሞት ስለነበር ነው። ደግሞም ጥፋቱ የማን እንደሆነ በዓይኔ አይቼ፣ በእጄ ዳስሼ ስላረጋገጥኩ ነው።

ኅዳር 24፣ ከሌሊቱ 10 ሰዓት ተኩል ገደማ። ከፈጣን መንገዱ መግቢያ ወዲህ ያለው ሜዳ በዚያ ሰዓት ብርዱ አጥንት ይሰብራል። የሌሊት ጥበቃችን በኋላው አጥር በኩል ኮሽታ ሰሙ። ክረምት ላይ የመብራት ገመዳችን ተቆርጦ ስለተወሰደ ኮሽታን ንቀው አያልፉም። ጠመንጃውን አቀባብለው፣ ባትሪ እያበሩ አጥሩን ዞሩ። ጅብ ነበር። ተመለሱ። ሴፍቲውን (የቃታውን መቆለፊያ) ዘጉ፣ ጠመንጃውን ከጥበቃ ቤቱ ግድግዳ አስደግፈው ከፔርሙሱ ሻይ ለመቅዳት ጎንበስ አሉ። ጠመንጃው ተንሸራተተ። ሰደፉ ሲሚንቶውን መታ። ተኮሰ።

ጥይቱ በጆሯቸው አጠገብ አልፎ የጣሪያውን ቆርቆሮ በሳ። የእኔ ቤት ቅርብ ነው፤ ምድር ላይ ነው የምኖረው። ጋቢዬን እንደደረብኩ ሮጬ ስደርስ ሰውዬው ግድግዳውን ተደግፈው ቆመዋል። እጃቸው ይንቀጠቀጣል። ሻዩ መሬት ላይ ፈስሶ ገና ይጨሳል። ጠመንጃው ከወደቀበት አልተነሳም። እኔም ሳላነሳው ተንበርክኬ በባትሪ አየሁት። ሴፍቲው እንደተዘጋ ነው። ጣቴን አስጠግቼ ዳሰስኩት፤ ከቦታው ንቅንቅ አላለም። ይህን ማንም ሲጠይቀኝ የምመሰክረው ነው።

የጾም ወቅት ነው፤ ዕለቱም ወርኃዊው ተክለ ሃይማኖት ነበር። ሩብ ሰዓት እንኳን ሳይሞላ ነጠላ ያጣፉ እናቶች ለኪዳን በዚያው በር መውጣት ጀመሩ። ንጋት ላይ ደግሞ ሕፃናት የትምህርት ቤት ሰርቪስ የሚጠብቁት እዚያው የጥበቃ ቤቱ ግድግዳ ሥር ነው። ከዚያ ወዲህ በጠዋት በዚያ ባለፍኩ ቁጥር ቀና ብዬ ቀዳዳውን አያለሁ። ጣት ያስገባል።

በማግሥቱ ተቆጣጣሪያችሁ መጣ። አሥር ደቂቃ አልቆየም። ጠመንጃውን ይዞ ሄደ። ከሦስት ቀን በኋላ ደብዳቤያችሁ ደረሰ፤ «የጥበቃ ሠራተኛው በፈጸሙት የጥንቃቄ ጉድለት» ይላል። 15 ቀን ከሥራ ታገዱ፣ የወሩ ደመወዛቸውም በግማሽ ተቆረጠ። ሦስት ልጆች የሚያስተምሩ ሰው ናቸው። በዚህ ኑሮ ግማሽ ደመወዝ ምን ማለት እንደሆነ ለእናንተ አልነግርም፤ ታውቁታላችሁ።

አንድ ነገር አልክድም። ሰውዬው ዞረው ሲመለሱ ጥይቱን ከጠመንጃው ማውጣት ነበረባቸው። የተቀባበለ መሣሪያ ግድግዳ ላይ አይደገፍም። ይህን ራሳቸው አምነዋል፣ እኔም ነግሬያቸዋለሁ። ነገር ግን ሴፍቲው ተዘግቶ፣ ቃታው ሳይነካ፣ ከጉልበት ከፍታ ወድቆ የሚተኩስ ጠመንጃ የጥበቃው ጥፋት አይደለም። ጠመንጃውን ፈትቶ የገጠመው ሰው ጥፋት ነው። ይህን የምለው በግምት እንዳይመስላችሁ፣ እኔ በሠራዊት ቤት 14 ዓመት መሣሪያ ጠግኛለሁ። ከዳቦዬ በፊት የምነካው ሞላና ፒን ነበር።

ዓርብ ኅዳር 27 ደግሞ ያው ጠመንጃ ተመልሶ መጣ። በእሳቸው ቦታ የተመደበ አንድ ወጣት ትከሻ ላይ አየሁት። ልጁ ምንም አያውቅም፤ «ታይቷል፣ ደህና ነው» ብለው ነው የሰጡት። በዚያች ሌሊት እንቅልፍ አልወሰደኝም። እሑድ ተቆጣጣሪያችሁን ለምኜ አስመጣሁት። ለቅንነቱ አመሰግነዋለሁ፤ «እሺ፣ አብረን እንየው» አለ። ጥይቱን በሙሉ አወጣን፣ ጥይት የሚገባበትን ቀዳዳ በየተራ አየን፣ ጥይቱን ሌላ ክፍል አስቀመጥን። ከዚያ ጠረጴዛ ላይ አቡጀዲ ዘርግቼ ፈታሁት።

እዚህ ላይ ትንሽ ላብራራ፤ ደብዳቤውን የሚያነበው ሰው ስለ መሣሪያ ላያውቅ ይችላል። ጠመንጃው እኛ ሲሞኖቭ የምንለው ኤስኬኤስ ነው። ሶቪየቶች በ1945 እንደ አውሮፓ አቆጣጠር የሠሩት፣ አሥር ጥይት የሚይዝ፣ ሳንጃው ከሥር የሚታጠፍ፣ ጥይቱ እንደ ክላሽ 7.62 በ39 ሚሊ ሜትር የሆነ። ጥሩ ጠመንጃ ነው፤ በደንብ ከያዙት ዕድሜ ልክ ያገለግላል።   በሲሞኖቭ የቃታው ክፍል ለብቻው ነው፤ እንዳለ ተነቅሎ ከሥር ይወጣል። እኛ «ሆዱ» እንለው ነበር። በዚያች ትንሽ ብረት ውስጥ ቃታ፣ ወርዶ ሲመታ ጥይቱን የሚያስተኩሰው መዶሻ፣ መዶሻውን ወጥሮ የሚይዝ ጥርስ እና ሞላዎች አሉ። የሰው ሕይወት የተንጠለጠለው በዚያች ጥርስ ላይ ነው።

ክላሽ ሴፍቲው ሲዘጋ ቃታውንም ይቆልፋል፣ ማቀባበያውንም እስከ መጨረሻ እንዳይሳብ ያግዳል። ሲሞኖቭ እንደዚያ አይደለም። የሲሞኖቭ ሴፍቲ የሚቆልፈው ቃታውን ብቻ ነው። መዶሻውን አይዝም፣ ጥርሱንም አይዝም። ስለዚህ ጥርሱ ካለቀ፣ ወይም ጥርሱን የሚገፋው ሞላ ከደከመ፣ ሴፍቲው ተዘግቶም ቢሆን አንድ ምት ብቻ መዶሻውን ያስለቅቀዋል። በግቢያችን የሆነው ይኸው ነው።

አሁን ያየሁትን ልንገራችሁ። መጀመሪያ ቁጥሩን አየሁ። ሲሞኖቭ ሲሠራ ክፍሎቹ ለዚያው ጠመንጃ ተስተካክለው ነው የሚገጠሙት፤ ለዚህ ነው አንድ ዓይነት ቁጥር በአካሉም፣ በሆዱም፣ በሌሎቹ ክፍሎችም ላይ የሚመታው። የዚህ ጠመንጃ አካል ቁጥሩ በ47 ያልቃል። ሆዱ በ82። ተቆጣጣሪያችሁ መነጽሩን አውጥቶ ሁለት ጊዜ አነበበው። ዝም አለ። እናንተ በፈቃዱ ላይ የጻፋችሁት የአካሉን ቁጥር ነው። ሆዱ የሌላ ጠመንጃ ነው።

ከዚያ ጥርሱን አየሁ። ፋብሪካ የሠራው ብረት ጠርዙ ቀጥ ያለ፣ መልኩም ጠቆር ያለ ነው። ይህኛው በሞረድ ተነክቷል። መስመር መስመር ሆኖ ያበራል፣ ጠርዙም ክብ ሆኗል። ለምን እንደተሞረደ እገምታለሁ። የሌላ ጠመንጃ ሆድ ሲያስገቡት በደንብ አልያያዝ ብሎ ቃታው ጠንክሮባቸዋል፤ እንዲላላ ብለው ሞረዱት። በሙያችን ከዚህ የከፋ ኃጢአት የለም። ቃታ ጠነከረ ተብሎ የመያዣ ጥርስ አይሞረድም።

ጥርሱን የሚገፋው ሞላ ደግሞ የራሱ አይደለም። አንዱ ጫፉ በፒንሳ ተቆርጧል፤ የቁራጩ ስለት ጣቴን ጭሮኛል። በትክክለኛ ሞላ የመጨረሻው ዙር ተጠጋግቶና ተስተካክሎ ያልቃል። ይህ ከየት እንደመጣ አላውቅም፤ ብቻ የጠመንጃ አይደለም። በጣቴ ስጫነው እንደ እስክርቢቶ ሞላ ልፍስፍስ ይላል።

መልሼ ገጠምኩት። ባዶውን አቀባበልኩት፣ ሴፍቲውን ዘጋሁ፣ መሬት ላይ ምንጣፍ አንጥፌ ሰደፉን ከአንድ ስንዝር ከፍታ ለቀቅ አደረግሁት። ምንም። ሁለተኛ ለቀቅሁት። ቀጭ አለ። መዶሻው ወረደ። አምስት ጊዜ ሞከርኩ፤ ሦስቱን ጊዜ ወረደ። ቃታውን የነካ ሰው የለም። ተቆጣጣሪያችሁ አምስቱንም ቆሞ አይቷል፤ ስልኩንም አውጥቶ ቪዲዮ ቀርጿል። ቪዲዮውን ከእሱ ተቀብላችሁ እዩት።

እኔን መሣሪያ ያስተማሩኝ አለቃ አንድ ልማድ ነበራቸው። ስንፈታ የአንዱን ጠመንጃ ክፍል ከሌላው ጋር በአንድ ጨርቅ ላይ አያስቀምጡም። ለእያንዳንዱ የራሱ ጨርቅ። ስንገጥም ቁጥሩን ጮክ ብለን እናነባለን፤ ያላነበበ ከመጀመሪያው ይጀምራል። ከተገጠመ በኋላ ደግሞ ባዶውን ተቀባብሎ፣ ሴፍቲው ተዘግቶ፣ ሰደፉ በእንጨት ይመታል። መዶሻው ከወረደ ያ ጠመንጃ ከግምጃ ቤት አይወጣም። ይህ ሁሉ አንድ ሰዓት አይፈጅም። የእናንተ ባለሙያ ያንን ሰዓት ቢያገኝ ኖሮ ዛሬ ይህን ደብዳቤ አልጽፍም ነበር። ባለሙያ ካላችሁ ማለቴ ነው፤ ሥራው ግን የባለሙያ አይመስልም።

ስለ ሕጉ ብዙ አልልም። የጦር መሣሪያ አስተዳደርና ቁጥጥር አዋጅ ቁጥር 1177/2012 አለ፤ እናንተም በእሱ ሥር እንደምትሠሩ አውቃለሁ። የሁለት ጠመንጃ ክፍል ተቀላቅሎ በአንድ ፈቃድ ሲዞር የሚመለከተው አካል ቢያየው ምን እንደሚል እናንተ ከእኔ በተሻለ ታውቁታላችሁ። እኔ ወደዚያ ከመሄዴ በፊት ለእናንተ መጻፍ መረጥኩ። አምስት ዓመት አብረን ኖረናልና።

የምንጠይቀው ይህን ነው። ጥበቃችን ወደ ሥራቸው ይመለሱ፣ የተቆረጠባቸው ደመወዝም እስከ ሳንቲሙ ይመለስላቸው። በፋይላቸው ላይ የገባው «የጥንቃቄ ጉድለት» የሚለው ጽሑፍ ይነሳ። ጥይት ስላለማውጣታቸው ማስጠንቀቂያ መስጠት ትችላላችሁ፤ ያ ይገባል፣ አልቃወምም። ያልሠሩትን ግን አትጫኑባቸው። በስልሳ ዓመታቸው «መሣሪያ መያዝ የማይችል» ተብለው ወደ ቤታቸው መግባታቸው ከገንዘቡ በላይ ጎድቷቸዋል። ባለፈው ሳምንት ቤታቸው ሄጄ አየኋቸው። ቀና ብለው አላዩኝም።

ለግቢያችን የተመደቡት ሌሎቹ ጠመንጃዎች በሙሉ እንዲፈቱና ቁጥራቸው እንዲነበብ እንፈልጋለን፤ እኛ ባለንበት። እኔ ጊዜዬን ያለ ክፍያ እሰጣለሁ፣ ጨርቁንም እኔ አመጣለሁ። ያ እስኪሆን ወጣቱ ልጅ በዱላና በፊሽካ ይጠብቅ። በዚህ ኮሚቴው ተስማምቷል። ቆርቆሮው ቢበሳ እንቀይረዋለን፤ የመብራት ገመዱም ቢሰረቅ እንገዛለን።

አንድ የቀረኝ አለ፤ ይህ ግን ነገ የሚባል አይደለም። የእኛ ጠመንጃ በ82 የሚያልቅ ሆድ ይዟል። ስለዚህ በ82 የሚያልቅ አካል ያለው ሌላ ጠመንጃ አለ ማለት ነው። የእኛን ሆድ ለእሱ ሰጥታችሁት ይሆናል፣ ወይም ከሦስተኛ ጠመንጃ ያመጣችሁትን። እሱም ተሞርዶ ይሆናል። ገላን ይሁን፣ ለገጣፎ ይሁን፣ ጀሞ ይሁን፣ የት እንዳለ እኔ አላውቅም። እናንተ መዝገብ አላችሁ። አሁን ይህን ስጽፍ ከምሽቱ 3 ሰዓት ሆኗል፤ የሌሊት ተረኞች ገብተዋል። ያንን ጠመንጃ ያነገቡ ሰው ስልካቸው በእጃችሁ ነው። እባካችሁ ደውሉላቸው፤ ጥይቱን አውጥተው ያስቀምጡት።

ከሠላምታ ጋር
የነዋሪዎች ኮሚቴ አባል
ቱሉ ዲምቱ