ወደ ወንዙ ያልተለቀቀችው ዓሣ

እህትዓለም፣ እንደምን ከረምሽ? እማማስ እንዴት ናቸው? ሁለት ዓመት ሙሉ ድምፄን ያጠፋሁት ረስቼሽ አይደለም። መጀመሪያ ሥራ በዛብኝ፤ ኋላ ደግሞ መቆየቴ ራሱ እያሳፈረኝ ዛሬ ነገ ስል ቀረሁ። ይቅር በይኝ።

ዛሬ እንድጽፍልሽ ያደረገችኝ ዓሣ ናት። ለልጄ የመስታወት ገንዳ ስንገዛላት ሻጩ «መስታወቱን ታጸዳላችኋለች» ብሎ የጣት ርዝመት ያላት ዓሣ ጨመረልን። ፕሌኮ ይሏታል። ሀዋሳ አሞራ ገደል የምናየው የአምባዛ ዘመድ ናት፤ ግን አምባዛ ቆዳው ልሙጥ ነው፣ ይህቺ ከራስ እስከ ጭራ የአጥንት ጥሩር ለብሳለች። አፏ ከሥር ነው። መስታወቱ ላይ ተለጥፋ አልጌውን ስትግጥ ከንፈሯ ሲንቀሳቀስ ከውጭ ይታያል፣ ጡት የያዘ ሕፃን ነው የምትመስለው። መብራት ሲበራ ብሌኗ ላይ ትንሽ መጋረጃ ትወርዳለች። አንዳንድ ሌሊት ድንገት ወደ ላይ ተወርውራ አየር ጎርሳ ትመለሳለች፤ የጎረሰችውን አየር የምትጠቀመው በጨጓራዋ ነው። ይህን ለማየት ስንት ሌሊት አብሬያት አምሽቻለሁ!

በሦስት ዓመት ክንዴን አከለች። እስከ 50 ሳንቲሜትር እንደምታድግ ማንም አልነገረንም። ባለቤቴ «ወንዝ እንልቀቃት፣ እሷም ትገላገል እኛም እንገላገል» አለ፤ እኔም እሺ ብዬ ነበር።

ያን ሰሞን ጥር ላይ ብሉ ስፕሪንግ ሄድን፣ እዚሁ ፍሎሪዳ። የምንጩ ውሃ ክረምት ከበጋ 22 ዲግሪ ስለሆነ ብርድ ሲመጣ ማናቲዎች ሊሞቁ ይገቡበታል፤ እንደ ላም የዋህ የሆኑ ትልልቅ የውሃ እንስሳት ናቸው። የአንዱ ጀርባ ላይ ጥቁር ጥቁር ነገር አየሁና ቁስል መሰለኝ። ጠጋ ብዬ ሳይ የኔዋ ዘመዶች! ቆዳው ላይ የበቀለውን አልጌ ተለጥፈው ይግጣሉ። ማናቲው ይገላበጣል፣ ይሸሻል፤ ሊያርፍ መጥቶ ጉልበቱን ይጨርሳል። አንጀቴን በላኝ።

አገራቸው ደቡብ አሜሪካ ነው። እዚህ ያደረሷቸው እንደኛው አሳድገው የለቀቁ ሰዎች ናቸው፤ ከዓሣ እርባታ ያመለጡም አሉ። ወንዱ እንቁላል የሚጠብቅበትን ጉድጓድ ዳርቻው ላይ እየቆፈረ አፈሩን ይንደዋል። ሜክሲኮ ኢንፊየርኒዮ ግድብ ውስጥ ቆሮሶ ያጠምዱ የነበሩ ሰዎች መረባቸው በእነዚህ ተሞልቶ ይወጣ ጀመር፤ እሾሁም መረቡን ይቀደዋል። የእኛ ወንዝ ዳርም የሚያጠምዱ አዛውንቶች አሉ። አንዷ ዓሣ ምን ታመጣለች ማለት አልቻልኩም።

ከአንድ ሰው 470 ሊትር የሚይዝ ያገለገለ ገንዳ ገዛን፤ ሳሎኑን ግማሽ ወሰደው። በመረብ ከያዝናት ክንፏ ይተበተባል ብለው ስለነገሩን በባልዲ አዛወርናት፤ ከውሃ ብቅ ስትል ሲጥ ሲጥ እያለች ጮኸች፣ ልጄም አብራ አለቀሰች። ገና ከ10 ዓመት በላይ ልትኖር ትችላለች።

ይህን ስጽፍ እኩለ ሌሊት አልፏል፣ እሷ አሁን አየር ጎርሳ ተመለሰች። ስልኬ ያው የድሮው ነው፤ እሑድ እደውልልሻለሁ፣ እማማን ሳሚልኝ።